ምሳ ላይ የተባለው ነገር

ክፍሉ እስር ቤት ከመሆኑ በፊት የእህል መጋዘን ነበር። ማንም አልነገረኝም፤ በሩ ሲከፈት ሽታው ተቀበለኝ። የነቀዘ በቆሎ፣ በላዩ የነቀዝ መድኃኒት፣ በዚያም ላይ የብዙ ሰው ላብ። ከጣራው ሥር ካለች አንዲት ጠባብ መስኮት በቀር ብርሃን የሚገባበት አልነበረም። ዓይኔ ጨለማውን እስኪለምድ በሩ ላይ ቆምኩ። ከኋላዬ የነበረው ፖሊስ አልገፋኝም። "ግባ እንጂ ቲቸር" አለኝ ብቻ። ዘመዱ እኔ ጋ ሳይማር አይቀርም።

የወሰዱኝ እዚያው ነቀምት ውስጥ ነው፤ ሒሳብ ከማስተምርበት ትምህርት ቤት፣ ክፍለ ጊዜዬን ሳልጨርስ። ጣቶቼ ላይ ገና የጠመኔ ብናኝ ነበር። ቀበቶዬንና የጫማዬን ማሰሪያ በር ላይ ተቀብለውኛል። ስለዚህ ክፍሉ ውስጥ የገባሁት ሱሪዬን በአንድ እጄ ይዤ ነው።

"አካም ኦልታን" አልኩ፤ እንዴት ዋላችሁ ለማለት።

ከጨለማው ውስጥ ብዙ ድምፅ መለሰልኝ። ትከሻ ለትከሻ የተቀመጡት ሰዎች እግራቸውን ሰበሰቡልኝ። ጥግ ላይ የነበረ ወፍራም ሰው አጠገቡ ያለውን መሬት መታ መታ አደረገ። "ና ኦቦሌሳ፣ ና ወንድሜ፣ እዚህ ተቀመጥ። በዚህ በኩል ዝናብ አያስገባም።"

የጭነት መኪና ሹፌር ነበር። ከእኔ በፊት ብዙ ሰንብቷል። ማዳበሪያ ጭኖ ሲመጣ ታጣቂዎች መንገድ ላይ አስቁመውት፣ መኪናውን ዞር ዞር ብለው አይተው፣ ሂድ ብለውት ሄደ። ከተማ ሲደርስ ታሰረ።

"ለምን ለቀቁህ ይሉኛል" አለኝ። "አላውቅም እላቸዋለሁ። እንዴት አታውቅም ይሉኛል። እኔ እንዴት ልወቅ? የሚያውቀው የለቀቀኝ ሰው ነው።" ሳቀ፤ ሳቁ ግን ቶሎ አለቀ። "አንተስ በምን መጣህ?"

"በፊልም።"

"በምን?"

ነገርኩት። ነገሩ የጀመረው ከአንዲት ተማሪዬ ጥያቄ ነው። አንድ ቀን ሰሌዳው ላይ የሒሳብ ማረጋገጫ ጽፌ ስጨርስ እጇን አወጣችና "ቲቸር፣ ይሄን ታውቀዋለህ ወይስ ታምነዋለህ?" አለችኝ። ክፍሉ ሳቀ። እኔ ዞሬ ሰሌዳውን እንደገና አነበብኩ። ጨለለቂ መንደር አብሮኝ ላደገው ጓደኛዬ ይህን ሳጫውተው "ይሄማ ፊልም ይወጣዋል" አለኝ። እሱ የሰርግ ቪዲዮ እያነሳ ነው የሚተዳደረው። ጥሩ ካሜራ አለው፣ ከካሜራውም የበለጠ ጥሩ ዓይን አለው። አጭር ዘጋቢ ፊልም እንሥራ ተባባልን። ቅዳሜና እሑድ በሞተር ሳይክሉ እየዞርን ሰዎችን አንድ ነገር እንጠይቅ ጀመር፦ በእርግጥ የምታውቁት ምንድን ነው? ያንንስ በምን አወቃችሁ? ጉቴ ላይ አንዲት አዋላጅ ነርስ ብዙ ሰዓት አወራችን። ነቀምት ውስጥ አንድ ሐኪም ካሜራው ሲጠፋ ነው እውነቱን የተናገረው። አንዳንዱ ሳቀብን፣ አንዳንዱ ጸለየልን።

የፊልሙ ልብ ግን ጋሼ ነበሩ።

ጋሼ የምንላቸው እኔና ጓደኛዬ በተማርንበት ትምህርት ቤት ዳይሬክተር የነበሩ ሰው ናቸው። ጡረታ ከወጡ በኋላ ወደ አገራቸው ወደ ቢላ ተመልሰው የቤተ ክርስቲያን ሽማግሌ ሆነዋል። እኔ አባቴ ከወሎ በሰፈራ የመጣ፣ ኦሮምኛዬ የሚሰባበር ልጅ ነበርኩ። ሌሎች ሲስቁብኝ ከኋላ ወንበር አንስተው ፊት ያስቀመጡኝ እሳቸው ናቸው። ጓደኛዬንም አባቱ ሲሞት መጽሐፍና ልብስ የገዙለት እሳቸው ናቸው።

ግቢያቸው ውስጥ ወንበር አውጥተን አስቀመጥናቸው። ስለ ባለቤታቸው ነገሩን። "ስትታመም ትድናለች ብዬ አመንኩ" አሉ። "ጾምኩ፣ ጸለይኩ። ሐኪሙ አትድንም አለኝ። ተቆጣሁት። ሞተች።"

"ታዲያ ጋሼ፣ እምነትዎ ተሳስቷል ማለት ነው?" አልኳቸው። ዛሬ ሳስበው ጥያቄው ድፍረት ነበር።

ወደ ቤታቸው በር ዞረው አዩ። ጓደኛዬ ካሜራውን አላጠፋም። "ስለ እሷ ተሳስቻለሁ" አሉ በመጨረሻ። "ስለ እግዚአብሔር መሳሳቴን ግን በምን አውቃለሁ? ልጄ፣ የማምነውን እንደማውቀው አድርጌ ብናገር ዋሾ ነኝ። ማመኑን ብተወው ደግሞ ጠዋት ከአልጋዬ የሚያስነሳኝ የለም። በሁለቱ መካከል ነው የምኖረው።"

ጓደኛዬ ከካሜራው ጀርባ እንባውን ሲጠርግ አይቻለሁ። ይህን ለሹፌሩ ስነግረው ጭንቅላቱን ነቀነቀ። "ይሄ ምን ያሳስራል?" አለ።

እኔም ያን ጊዜ አላውቅም ነበር።

መጀመሪያ የጠየቀኝ መርማሪ ጨዋ ሰው ነበር። አልሰደበኝም፤ ወንበር ሰጠኝ። ጠረጴዛው ላይ ውኃ ነበር፣ ለእኔም ቀዳልኝ። ፊልሙ ስለ ምን እንደሆነ ጠየቀኝ። ሰው ስለሚያውቀውና ስለሚያምነው ነው አልኩት። ፖለቲካ አለበት ወይ አለኝ። የለበትም አልኩት። ለረጅም ጊዜ እንዲህ ስንመላለስ ቆይተን፣ ብዕሩን አስቀመጠና በቀስታ፣ እንደሚያነብ ሰው፣ እንዲህ አለ፦

"'የራበው ሰው በሬን ሲያንኳኳ ማን ነህ ብዬ አልጠይቅም። ባላውቅ ይሻለኛል። አበላውና ይሄዳል።' ይህን ያለው ማን ነው?"



ይህን ያሉት ጋሼ ናቸው። ያሉት ግን ካሜራው ፊት አይደለም። ቀረጻው አልቆ፣ ካሜራው ቦርሳው ውስጥ ገብቶ፣ እጃችንን ታጥበን ምሳ ስንበላ ነው። አብራቸው የምትኖረው ልጃቸው አንጮቴ፣ የአገሩን ሥራ ሥር፣ ሠርታልን ነበር። እሷ እርጎ ልታመጣ ወደ ጓዳ ስትገባ ነው ያሉት። ጓደኛዬ ጎርሶ እየሳቀ "ጋሼ፣ እዚህ ላይ ሲደርሱ ግን ማወቅ አይፈልጉም ማለት ነው" አላቸው። እሳቸውም ሳቁ። አልፎ ሄደ። የገበታ ወሬ ነበር።

መርማሪው ግን አንድም ቃል አልሳተም።

"አላስታውስም" አልኩት። አላመነኝም፤ አላመነኝም ብዬም አልተቀየምኩትም።

ወደ ክፍሉ ስመለስ ሹፌሩ ፊቴን አይቶ ቦታ ሰፋ አደረገልኝ። ነገርኩት።

"ያን ጊዜ እዚያ ቤት ማን ነበር?" አለኝ።

"እኔ፣ ጓደኛዬ፣ እሳቸው።"

"አንተ ተናገርክ?"

"አልተናገርኩም።"

"ሽማግሌው ራሳቸውን ያሳስራሉ?"

ማሰሪያ የሌለውን ጫማዬን አየሁ።

"እንግዲህ" አለና እጁን ዘረጋ። 

ሥራዬ ይህ ነው። ይህ ከሆነ ያ ይሆናል እያልኩ ልጆች አስተምራለሁ። ሦስት ሰዎች ሰሙ፣ ሁለቱ አልተናገሩም፤ የቀረውን ለማወቅ ዘጠነኛ ክፍል መድረስ እንኳ አያስፈልግም። እኔ ግን ቀኑን ሙሉ ሌላ መውጫ ስፈልግ ዋልኩ። ምናልባት ልጅቷ ከጓዳ ሰምታ ለጎረቤት አውርታ ይሆናል። ምናልባት ጋሼ ያንኑ ነገር ቤተ ክርስቲያን ውስጥም ብለውት ይሆናል። እንዲያውም አንድ ጊዜ ራሳቸው ጋሼ ፈርተው ተናግረው ይሆናል ብዬ አሰብኩ፤ ያሳደጉኝ ሆነው ሳለ ከጓደኛዬ ይልቅ እሳቸውን መጠርጠር ቀለለኝ። ተማሪ እንዲህ ያለ ማረጋገጫ ቢያመጣልኝ ወረቀቱ ላይ በቀይ እሰርዝበት ነበር።

ደግሞም ምግቡ ነበር። ከታሰርኩ ጀምሮ ምሳዬን የምታመጣልኝ የጓደኛዬ ሚስት ነበረች። እናቴ ሩቅ ናት፣ ሚስት የለኝም። ያቺ ሴት ፖሊስ ጣቢያው በር ላይ ዝናብ እየመታት ተራ ትጠብቅ ነበር። ፍርፍሩ ሁልጊዜ ትኩስ ነው፤ ቃሪያ እንደምወድ ስለምታውቅ ቃሪያ ታደርግበታለች። ሳህኑን ለሹፌሩ አሳየሁት። "አሳልፎ የሰጠ ሰው እንዲህ ይልካል?" አልኩት።

"የሚልክ ይመስለኛል" አለ ሹፌሩ። "እኔ ብሆን እልክ ነበር።"

ተቆጣሁት። ፊቴን አዞርኩ። እሱም አልተቀየመኝም፤ ሳህኑን ወደ መሃል አድርጎ ሌሎቹን ጠራና በሉ።

ከዚያ አንድ ቀን፣ ከሰዓት በኋላ፣ ከባድ ዝናብ ጥሎ ሲያባራ ጠሩኝ። ፖሊሱ ቀበቶዬን በእጁ ይዞ ነበር። "አድርገው" አለኝ። የምፈታ መሰለኝ።  ጸጉሬን በእጄ አስተካከልኩ።

የመርማሪው ክፍል ስገባ መጀመሪያ ያየሁት ወንበሩን ነው። መስኮቱ አጠገብ ተቀምጧል፤ ትንሽ ጠመም ብሎ፣ ብርሃኑ በግራ ጉንጭ በኩል እንዲያርፍ ሆኖ፣ ከግድግዳውም ራቅ ብሎ። እኔና ጓደኛዬ በሄድንበት ሁሉ ወንበር የምናስቀምጠው እንዲህ ነው። ሌላ ሰው እንደዚያ አድርጎ አያስቀምጥም። ቀና ሳልል ማን እንደቆመ አወቅሁ።

ከካሜራው ጀርባ ቆሟል። ያው ጃኬቱን ለብሷል። ዓይኑ ትንሿ ስክሪን ላይ ነው።

መርማሪው በር ዘጋ። "ጓደኛህ የሚያውቀውን ተናግሯል" አለኝ። "እኛ የምንፈልገው ሁለተኛ ሰው ነው። ሽማግሌው ታጣቂዎችን እንደሚቀልብ አውቃለሁ ትላለህ። በራስህ አፍ፣ አጭር አድርገህ። ቀበቶህን አድርገሃል፤ ከዚህ በቀጥታ ቤትህ ነው የምትሄደው።"

ተቀመጥኩ። ጓደኛዬን አየሁት። አንዴ ቀና ብሎ ቢያየኝ ብዬ ጠበቅሁ። ምን ላደርግበት እንደፈለግሁ አላውቅም፤ ምናልባት ፊቱ ላይ ዱላ ያረፈበት ምልክት እፈልግ ነበር። ምንም የለበትም። ጺሙን ተላጭቷል።

"ትንሽ ወደ ግራ" አለኝ።

ከታሰርኩ በኋላ ያናገረኝ የመጀመሪያ ቃል ይህ ነው። እኔም ተጠጋሁ። ይህን ሳስብ አሁንም ይገርመኛል። ወደ ግራ ሲለኝ ወደ ግራ ተጠጋሁ።

ቀይዋ መብራት በራች።

"የሒሳብ መምህር ነኝ" አልኩ። ድምፄ የሌላ ሰው መሰለኝ። "ቢላ ጋሼ ቤት ምሳ በልቻለሁ። ያበሉት እኔንና ይህን ካሜራ የያዘውን ሰው ነው። ይህን አውቃለሁ፤ እዚያው ነበርኩ። ሌላ ማን በልቶ እንደሄደ አላየሁም። ያላየሁትን አውቃለሁ አልልም።"

"አጥፋው" አለ መርማሪው። መብራቷ ጠፋች። ወደ እኔ ጎንበስ አለ። "የራበውን አበላለሁ ሲል ሰምተሃል ወይስ አልሰማህም?"

"በሰው ገበታ ላይ የሰማሁትን ነው የሚጠይቁኝ።"

"አዎ።"

"ገበታ ላይ የሰማሁትን እዚህ አላመጣም።"

"እሱ አምጥቶታል እኮ" አለና በአገጩ ወደ ጓደኛዬ አመለከተ።

"አይቻለሁ" አልኩ።

ያን ጊዜ ነው ጓደኛዬ ቀና ያለው። ዓይን ለዓይን ተያየን። እኔ የጠበቅሁት እፍረት ነበር። ያየሁት ግን ልመና ነው። በከንፈሩ ብቻ፣ ድምፅ ሳያወጣ፣ "በለው" አለኝ። በለው እና እንውጣ።

"እንደገና" አለ መርማሪው።

መብራቷ እንደገና በራች። እኔም ያንኑ፣ ቃል ሳልጨምር ቃል ሳልቀንስ፣ ደገምኩት። ክፍል ውስጥ ያልገባው ተማሪ ሲኖር የምደግመውን ያህል ረጋ ብዬ። ስጨርስ ብድግ ብዬ ወንበሩን ከመስኮቱ ሥር አነሳሁና ግድግዳው ጋ፣ የቢሮ ወንበር በሚቀመጥበት ቦታ መለስኩት። ማንም አላዘዘኝም። የእኛ ፊልም እዚያ ቦታ እንዲቀጥል ስላልፈለግሁ ነው። ከዚያ ቀበቶዬን ራሴ ፈትቼ ለፖሊሱ ሰጠሁትና ሱሪዬን ይዤ ወጣሁ።

በማግስቱ ምሳ አልመጣልኝም። ሹፌሩ ከራሱ ሳህን ግማሹን ወደ እኔ ገፋ አደረገልኝ። "እንዳልነገርኩህ" አላለኝም። ለዚህ እስከ ዛሬ አመሰግነዋለሁ።

ክረምቱ እስኪያበቃ እዚያው ቆየሁ። አንድ ጠዋት ስም ሲጠራ የእኔም ተጠራ፤ ክስ የለም፣ ማብራሪያ የለም፤ ሂድ ተባልኩ። ሹፌሩ ከእኔ በፊት ወደ ሌላ ቦታ ተወስዶ ነበር። ወዴት እንደሆነ ጠይቄ የነገረኝ የለም።

ጓደኛዬ በሳምንቱ ቤቴ መጣ። ብርቱካን ይዟል። በሩ ላይ ቆመን ነው የተነጋገርነው፤ ግባ አላልኩትም።

"ፈራሁ" አለኝ። "ልጆች አሉኝ። እኔን አንድ ቀን አሳድረው ነው የለቀቁኝ፣ ታውቃለህ? አንድ ቀን ብቻ። ግን አልቻልኩትም።"

"እሺ።"

"ደግሞ አንተም የምትል መስሎኝ ነበር። እውነቴን ነው። ሁለታችንም ብለነው ሁለታችንም ወጥተን፣ እግራቸው ላይ ወድቀን ጋሼን ይቅርታ የምንጠይቅ መስሎኝ ነበር። አብረን።"

በእኔ ላይ የነበረው እምነት ይህ ነበር። ከሁሉም የቆረቆረኝ ይኼ ነው። ከልጅነቱ ጀምሮ የሚያውቀኝ ሰው፣ እኔም እንደሱ እንደማደርግ እርግጠኛ ሆኖ ነው ወንበሩን ያስቀመጠልኝ።

ብርቱካኑን ደጃፌ ላይ አስቀምጦ ሄደ። ለጎረቤት ልጆች ሰጠኋቸው።

ጋሼንም አስረዋቸው ነበር። አንድ ምስክር በቃቸው ወይም ጭራሽ ምስክር አላስፈለጋቸውም፤ እኔ ያልተናገርኩት ነገር አላዳናቸውም። ሲፈቱ ጉልበታቸው ተይዞ ነበር። ይህን ስሰማ ቢላ ሄድኩ። በሩን የከፈተችው ልጃቸው ናት። አንጮቴ ያበላችን ያቺው ልጅ። አየችኝ፤ ሰላምታዬን አልመለሰችም።

"ማን ነው?" የሚል ድምፅ ከውስጥ መጣ።

"ያ ሰውዬ ነው" አለች።

"ይግባ።"

አልጋቸው ላይ ተቀምጠዋል፤ ጉልበታቸው ላይ ጋቢ ጣል አድርገዋል። እጃቸውን ሳምኩ። የሆነውን ሁሉ ነገርኳቸው፤ ስለ ወንበሩ፣ ስለ ካሜራው፣ ያልኩትንና ያላልኩትን። ሳያቋርጡ አዳመጡኝ።

"ሁለታችሁም መስክራችኋል ነው ያሉኝ" አሉ ስጨርስ። "የተናገርኩትን ቃል ራሱን ነገሩኝ። እኔ ቤት፣ እኔ ገበታ ላይ የተባለውን። ሁለት ነበራችሁ። ምን ላስብ?"

"አሁንስ ምን ያስባሉ ጋሼ?"

የማሳያቸው ነገር አልነበረኝም። ቀረጻው መርማሪው ጋ ቀርቷል፤ ምናልባትም ጠፍቷል። ጓደኛዬ ከነቀምት ወጥቶ ይህን ሊመሰክርልኝ ቢላ አይመጣም። የነበረኝ ቃሌ ብቻ ነው፤ ቃል ደግሞ ሌላውም ሰው ነበረው።

ጋሼ ጋቢውን ጉልበታቸው ላይ ሳብ አደረጉ። "ላምንህ እፈልጋለሁ" አሉኝ።

አምኜሃለሁ አላሉም። ዋሾ መሆን የማይወዱ ሰው ናቸው። መንገድ ላይ እስክወጣ ድረስ ራሴን ይዤ ቆየሁ፤ ከዚያ ዛፍ ሥር ተቀምጬ አለቀስኩ። መጋዘኑ ውስጥ እንዲያ አልቅሼ አላውቅም።

አሁን ማስተማሩን ቀጥያለሁ። ጓደኛዬ ነቀምት ላይ ስቱዲዮ ከፍቷል፤ ሰው ይወደዋል፣ ሰርግ አያመልጠውም። መንገድ ላይ ሲያየኝ ከሩቅ እጁን ያነሳል። እኔም አነሳለሁ። ከዚያ በላይ የለንም። በከተማው ከሁለታችን ማን ተናገረ ቢባል ብዙ ሰው እኔን የሚጠራ ይመስለኛል፤ ብዙ የታሰርኩትና ዘግይቼ የወጣሁት እኔ ስለሆንኩ የሆነ ነገር ብዬ ነው የወጣሁት ይላሉ። መጀመሪያ ላይ ላስረዳ እሞክር ነበር። አሁን ትቼዋለሁ።

መንገዱ ሰላም ሲሆን እሑድ ከሰዓት ቢላ እሄዳለሁ። ከጋሼ ጋር ስለ ትምህርት ቤት እናወራለን፣ ስለ በቆሎው፣ ስለ ጉልበታቸው። ያን ነገር እሳቸው አንስተውት አያውቁም፤ እኔም አላነሳውም። ልጃቸው ሻይ ታመጣልኛለች። ስኒውን ፊቴ ታስቀምጥና ሳታየኝ ትመለሳለች። ሁለት ክረምት እንዲህ አለፈ።

ባለፈው እሑድ ሻዩን አስቀምጣ አልተመለሰችም። የስኳሩን ዕቃ እንደያዘች ቆመች። ጋሼ ወሬያቸውን አቋረጡ።

"ስንት ላድርግልህ?" አለችኝ።

"አንድ ማንኪያ" አልኳት።

ጨመረችልኝ። ማንኪያውን ትሰጠኛለች ብዬ እጄን ዘረጋሁ፤ እሷ ግን ጎንበስ ብላ ራሷ አማሰለችልኝ።